ከብዕሩ እስከ ሲኒማ ቤቱ በር፤ የኃይሌ ገሪማ የሥራ ዘመን



ፊልሙ አልቆ የአዳራሹ መብራት ሲበራ ተመልካቹ ከመቀመጫው ተነሥቶ ወደ በሩ ያመራል። በሸራው ላይ ግን ስሞች መታየታቸውን ይቀጥላሉ፤ ታሪኩን የጻፈው፣ ዳይሬክተሩ፣ ካሜራውን የያዘው፣ ድምፁን የቀረጸው፣ ምስሉን ቆርጦ የቀጠለው፣ ገንዘቡን ፈልጎ ያመጣው ሁሉ በተራ በተራ ያልፋሉ። ይህን ዝርዝር እስከ መጨረሻው ቆሞ የሚያነብ ብዙውን ጊዜ የሙያው ሰው ብቻ ነው። በኃይሌ ገሪማ ፊልሞች መጨረሻ ላይ የቆመ ሰው ደግሞ አንድ ነገር ሳያስተውል አይቀርም፤ ይኸውም አንዱ ስም በደራሲነት፣ በዳይሬክተርነት፣ በፕሮዲዩሰርነትና በኤዲተርነት ተደጋግሞ መምጣቱ ነው። ዝርዝሩ የማይጠቅሳቸው ሥራዎችም አሉ፤ ፊልሙን ከከተማ ወደ ከተማ ያደረሱት አከፋፋይ፣ አዳራሽ የተከራዩት ባለጉዳይ፣ ወጣቶችን በሙያው ያሠለጠኑት መምህር እኚሁ ሰው ናቸው።

ስለዚህ ነገር ሁለት ዓይነት አስተያየት ይሰነዘራል። አንዳንዱ «ሁሉን እኔ ልሥራ ማለት ስም መውደድ ነው» ይላል። ሌላው አድናቆቱን አብዝቶ «አንድ ሰው ለብቻው ሁሉን ቻለ» በማለት ነገሩን ከተአምር ይቆጥረዋል። ሁለቱም አስተያየቶች ሥራውን በቅርብ ካለማየት የመጡ ናቸው። የዚህ ንግግር ዓላማ የኃይሌ ገሪማን የሥራ ዘመን በየድርሻው እየከፈሉ በመመልከት፣ እነዚህ ሁሉ ኃላፊነቶች ስለ ምን በአንድ ሰው ትከሻ ላይ እንዳረፉ፣ ምን እንዳስገኙና ምን ዋጋ እንዳስከፈሉ ማሳየት ነው። ጉዳዩ የአንድ ግለሰብ የሕይወት ታሪክ ሆኖ አይቀርም፤ ፊልም የሚሠራ ሁሉ ይዋል ይደር እንጂ የሚገጥመውን «ይህ ሥራ የማን ነው?» የሚለውን ጥያቄ ይነካል።

በንግግሩ ውስጥ የሚጠቀሱት ዓመታት እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው፤ የኢትዮጵያው አቆጣጠር ሲጠቀስ ዓ.ም. ተብሎ ይለያል።

የመጀመሪያው ትምህርት ቤት

ኃይሌ ገሪማ በ1946 በጎንደር ከተማ ተወለዱ። አባታቸው ገሪማ ታፈረ መምህር፣ የተውኔት ደራሲና የታሪክ ጸሐፊ ነበሩ፤ ስለ ጎንደር አርበኞች የጻፉት «ጎንደሬ በጋሻው» የተሰኘው መጽሐፍ በታሪክ ወዳጆች ዘንድ የታወቀ ነው። እኚህ አባት ተውኔት ጽፈው፣ ተዋንያን አሰባስበውና አለማምደው፣ ከቦታ ቦታ እየተዘዋወሩ ለሕዝብ ያሳዩ ነበር። ልጃቸውም በአባታቸው ቡድን ውስጥ ገና በለጋ ዕድሜያቸው መድረክ ላይ ወጥተዋል። እንግዲህ የኃይሌ የመጀመሪያ ትምህርት ቤት ይኸው ነበር ማለት ይቻላል። በዚያ ቤት መጻፍ፣ ማዘጋጀትና ለተመልካች ማድረስ የተለያዩ ሙያዎች አልነበሩም፤ የአንድ ሥራ ሦስት ደረጃዎች ነበሩ።

በሌላው ወገን ደግሞ ሲኒማ ቤቱ ነበረ። በሸራው ላይ የሚታዩት ፊልሞች ከውጭ የመጡ ነበሩ። ኃይሌ ከጊዜ በኋላ በሰጧቸው ቃለ ምልልሶች እንደገለጹት፣ ከባልንጀሮቻቸው ጋር በጎንደር ዙሪያ ባሉት ተራሮች ላይ የካውቦይና የቀይ ሕንዶች ጨዋታ ሲጫወቱ፣ ራሳቸውን የሚያዩት አገር በሚያቀኑት ካውቦዮች ቦታ ነበር። አባት በቤት ውስጥ ወራሪን የተቋቋሙ አርበኞችን ታሪክ ሲጽፉ፣ ልጅ በተራራው ላይ የወራሪውን ወገን ይዞ ይጫወት ነበር ማለት ነው። ይህ ትዝታ በኋለኛው ዕድሜያቸው ደጋግሞ የመጣባቸው ያለ ምክንያት አይደለም። ታሪክን የሚነግር ሰው ማን እንደሆነ የሚወስነው በመጨረሻ የሕፃኑን ልብ እንደሚወስድ በራሳቸው ላይ አይተውታልና ነው።

በ1967 ኃይሌ ወደ አሜሪካ ተሻግረው በቺካጎ ከተማ በሚገኘው የጉድማን የቴአትር ትምህርት ቤት ገቡ። የተዋናይነት ሙያ ለመማር ነበር የሄዱት። ሆኖም በምዕራባውያን ተውኔቶች ውስጥ ለጥቁር ተማሪ የሚደርሰው አብዛኛውን ጊዜ የአገልጋይነት ወይም የመልእክተኛነት ቦታ ነበር። የሌላውን ቃል በቃሉ የሚደግም ተዋናይ ምን ያህል ቢደክም የታሪኩን አቅጣጫ ሊለውጥ አይችልም። ስለዚህ ከተዋናይነት ወደ ደራሲነት፣ ከቴአትርም ወደ ፊልም የሚያሻግር መንገድ ፈለጉ። በ1970 አካባቢም ወደ ምዕራቡ ጠረፍ አቅንተው በሎስ አንጀለስ በሚገኘው የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ የፊልም ትምህርት ጀመሩ።

ሁሉም የሁሉ ረዳት

በዚያ ዩኒቨርሲቲ በዚያን ዘመን የተሰባሰቡት ወጣቶች ከጊዜ በኋላ «የሎስ አንጀለስ ዓመፅ» በሚል ስም የተጠሩት ናቸው። ቻርልስ በርኔት፣ ላሪ ክላርክ፣ ቤን ኮልድዌል፣ ጁሊ ዳሽ፣ ቢሊ ውድቤሪና ሌሎችም በተለያዩ ዓመታት በዚያ አልፈዋል። በዚያው የተማሩትና በኋላም መምህር የሆኑት ኢትዮጵያዊው ተሾመ ገብርኤል ስለ ሦስተኛው ዓለም ሲኒማ በጻፉት መጽሐፍ በዘርፉ ስማቸው ይነሣል። ተማሪዎቹ ከላቲን አሜሪካና ከአፍሪካ የመጡ ፊልሞችን ያዩ፣ ይከራከሩ፣ የሆሊውድን አሠራር የሚተካ መንገድ ይፈልጉ ነበር።

ለዚህ ንግግር ዋናው ቁም ነገር የክርክራቸው ይዘት ሳይሆን የሥራቸው ልማድ ነው። ገንዘብ ስላልነበራቸው አንዱ የሌላው ሠራተኛ ነበር። ዛሬ ዳይሬክተር የሆነው በሚቀጥለው ሳምንት ለጓደኛው ካሜራ ይይዛል፤ ከዚያ በኋላ መብራት ይሸከማል ወይም ድምፅ ይቀርጻል። ማንም ከማንም ሙያ በላይ አልነበረም። እንግዲህ ኃይሌ ብዙ ሥራ መያዝን የተማሩት ለብቻቸው በመቆም ሳይሆን ከብዙዎች ጋር በመሥራት ነው። ይህን ልብ ማለት ያስፈልጋል፤ «ሁሉን በራሱ የሠራ ሰው» የሚለው አነጋገር የሚያስረሳው ይህንኑ ነው።

ከዚህ ሥፍራ የወጡት የመጀመሪያዎቹ ሥራዎቻቸው አጫጭር ናቸው። ከእነዚህ አንዱ፣ «የእምቢተኝነት ልጅ» ተብሎ ሊተረጎም የሚችለው ፊልም፣ አንጄላ ዴቪስ እጇ በካቴና ታስሮ በቴሌቪዥን ከታየችበት ምስል በተነሣ ሕልም ላይ የተመሠረተ ነው። ከዚያ የቀጠሉት ሁለት ረጃጅም ፊልሞች ግን የኃይሌን አሠራር ለይተው ያሳወቁ ናቸው።

ሁለት ሳምንትና ሦስት ሺህ ዓመት

የመጀመሪያው «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» ነው። ኃይሌ ገና ተማሪ ሳሉ በ1974 የክረምት ዕረፍታቸው ከጥቂት የሙያ ጓደኞቻቸው ጋር ወደ ኢትዮጵያ መጥተው ቀረጹት። ጊዜው የዘውዱ ሥርዓት የሚያከትምበትና የወታደሩ መንግሥት የሚጀምርበት ወቅት ነበር፤ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋን የወረዱት መስከረም 2 ቀን 1967 ዓ.ም. መሆኑ ይታወሳል። ፊልሙ በ16 ሚሊ ሜትር ጥቁርና ነጭ ፊልም፣ በአማርኛ ቋንቋ፣ ሙያቸው ትወና ባልሆነ ሰዎች ተሳትፎ፣ በሁለት ሳምንት ገደማ ተቀርጾ አለቀ።

ታሪኩ በአንድ ባለርስት መሬት ላይ የሚደክም የገበሬ ቤተሰብ ታሪክ ነው። ባለርስቱ ወንበሩ ላይ ተቀምጦ ሲሳደብና ሲያዝ ይውላል፤ ቤተሰቡ ያርሳል፣ ይጠብቃል፣ ያስገባል። መሬቱን ተነጥቆ እንደ እብድ የሚቆጠር አንድ የቀድሞ ወታደር ደግሞ እውነቱን በአደባባይ ይናገራል። ልጅቱ የባለርስቱን ከብት ከወንዝ ሙላት ለማዳን ስትል ሕይወቷን ታጣለች። ፊልሙ ሁለት ሰዓት ተኩል ያህል ይፈጃል፤ ንጋቱ፣ እርሻው፣ ዝምታው ሁሉ በገበሬው ፍጥነት ይሄዳል እንጂ በሲኒማ ቤት ነጋዴ ፍጥነት አይሄድም።

በዚህ ሥራ ላይ አንድ የሥራ ድርሻ ሌላውን እንዴት እንደሚቀርጸው በግልጽ ይታያል። ጸሐፊው ራሱ ፕሮዲዩሰር ሲሆን፣ ብዕሩን ሲያነሣ ኪሱን ያውቃል። በሁለት ሳምንት የሚያልቅ ፊልም በብዙ ከተሞች ሊዘዋወር፣ ብዙ ልብስና ጌጥ ሊጠይቅ አይችልም። ስለዚህ ታሪኩ በአንድ መሬት ላይ ተተከለ፤ መሬቱም የታሪኩ ዋና ጉዳይ ሆነ። ችግሩ በጽሑፉ ውስጥ ስለ ገባ ችግር ሆኖ አልታየም። ጸሐፊና ፕሮዲዩሰር የተለያዩ ሰዎች በሚሆኑበት ጊዜ ግን አንዱ የጻፈውን ሌላው በጉድለት ምክንያት ሲቀንስ፣ ፊልሙ የተቆረጠበትን ቦታ ተመልካቹ ያውቀዋል።

ካሜራውን የያዙት ኤሊየት ዴቪስ ነበሩ፤ እኚህ ባለሙያ በኋላ በሆሊውድ የታወቁ ፎቶግራፍ አንሺ ሆነዋል። ኃይሌ በዚህ ፊልም ሁሉን በእጃቸው አልያዙም። የሚያምኑትን ሰው በቦታው አስቀምጠው ውሳኔውን ግን ከራሳቸው አላራቁም። ፊልሙ በ1976 በስዊስ አገር በሎካርኖ የፊልም ፌስቲቫል ተሸለመ።

የመቁረጫው ጠረጴዛ

ሁለተኛው የዩኒቨርሲቲ መመረቂያ ሥራቸው የሆነው «ቡሽ ማማ» ነው። በሎስ አንጀለስ ዋትስ በተባለው የጥቁሮች ሠፈር የምትኖር ዶሮቲ የተባለች እናት ታሪክ ሲሆን፣ ባርባራ ጆንስ በዋና ተዋናይነት ሠርታበታለች። ባልዋ ባልሠራው ወንጀል ታስሯል፤ የድጎማ ጽሕፈት ቤት ሠራተኞች የፀነሰችውን እንድታስወርድ ይገፋፏታል። በካሜራው ከሠሩት አንዱ ቻርልስ በርኔት ነበሩ። የጻፉት፣ ያዘጋጁትና የቆረጡት ኃይሌ ናቸው።

በቀረጻው ወቅት የሆነ አንድ ነገር በፊልም ሙያ ትምህርት ውስጥ ሊነገር የሚገባው ነው። የሥራ ጓዶቹ በጎዳና ላይ ሲቀርጹ የከተማው ፖሊሶች አስቁመው ፈተሿቸው። ካሜራ የያዘ ጥቁር ሰው በዚያ ሠፈር ውስጥ ተጠርጣሪ ነበር። ካሜራው ግን መቅረጹን አላቆመም፤ ኃይሌም ይህን ምስል በፊልሙ መክፈቻ ላይ አስገቡት። ስለዚህ ተመልካቹ የዶሮቲን ታሪክ ከማየቱ በፊት፣ ታሪኩን ሊነግሩ የወጡት ሰዎች ራሳቸው ምን እንደደረሰባቸው ያያል።

ይህን ውሳኔ ያደረገው ማን ነው? ዳይሬክተሩ እንዳይባል፣ ምስሉ በስክሪፕቱ ውስጥ አልነበረም። ውሳኔው የተደረገው በመቁረጫው ጠረጴዛ ላይ ነው። በሌላ አሠራር ቢሆን ኖሮ ገንዘቡን ያወጣው ድርጅት «ይህ የታሪኩ አካል አይደለምና ይውጣ» ለማለት መብት ይኖረው ነበር፤ በሙያው ደንብ ሲታይም አነጋገሩ ስሕተት አይባልም። እዚህ ላይ ግን ገንዘቡን የፈለገውም፣ በጎዳናው ላይ የቆመውም፣ መቀሱን የያዘውም አንድ ሰው ስለሆነ፣ በአጋጣሚ የተገኘው እውነት ሳይወድቅ ቀረ። ብዙ ድርሻ መያዝ ምን እንደሚያስገኝ የሚጠይቅ ሰው ካለ ከዚህ የተሻለ ምሳሌ አያገኝም።

ኃይሌ ከ1975 ጀምሮ በዋሽንግተን ከተማ በሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ የፊልም መምህር ሆነው መሥራት ጀመሩ። በሰሜን ካሮላይና ክፍለ ሀገር በግፍ ተፈርዶባቸው ስለታሰሩ አሥር ሰዎች ያዘጋጁት ዘጋቢ ፊልም ተከተለ፤ ፍርዱ በ1980 የተሻረ ሲሆን፣ የክፍለ ሀገሩ አገረ ገዥ ሙሉ ምሕረት የሰጡት ግን በ2012 መጨረሻ ነበር። በ1982 ደግሞ ከቬትናም ጦርነት ተመልሶ ሰላም ያጣ የአንድ ጥቁር ወታደር ታሪክ የሚተርከው «አመድና ፍም» ወጣ፤ በ1983 በበርሊን የዓለም አቀፍ የፊልም ሐያስያን ማኅበር ሽልማት አገኘ።

በበሩ ላይ

ሽልማት ግን ተመልካች አይደለም። ፊልም ሠርቶ መጨረስ አንድ ነገር ነው፤ ሰው ወዳለበት አዳራሽ ማድረስ ሌላ ነው። በአሜሪካ የፊልም ንግድ ውስጥ ሲኒማ ቤቶቹ የሚቀበሉት በአብዛኛው ከታወቁ አከፋፋዮች ነው፤ አከፋፋዩ ደግሞ «ለዚህ ፊልም ገበያ የለውም» ካለ ነገሩ በዚያው ያበቃል። ይህን የተረዱት ኃይሌ ከባለቤታቸውና የሙያ ባልደረባቸው ከሺሪኪያና አይና ጋር በ1980ዎቹ መጀመሪያ ምፍዱህ የተሰኘውን የፊልም ማከፋፈያ ድርጅት አቋቋሙ። የራሳቸውን ብቻ ሳይሆን የሌሎችን ነፃ ሠሪዎች ፊልሞችም ማከፋፈል ያዙ።

የዚህ ድርጅት ትልቁ ፈተና «ሳንኮፋ» ነበር። ስሙ ከጋና የአካን ሕዝብ ቋንቋ የተወሰደ ሲሆን «ተመለስና ውሰድ» የሚል ትርጉም አለው። ታሪኩ በጋና የባሕር ዳርቻ በሚገኝ የባሪያ ንግድ ምሽግ ውስጥ ፎቶግራፍ ስትነሣ የነበረች አንዲት ዘመናዊ ሴት ወደ ኋላ ተመልሳ በእርሻ ላይ የምትደክም ባሪያ ስለመሆኗ ነው። ባሮቹ በዚህ ፊልም የሚያለቅሱ ብቻ አይደሉም፤ ይማከራሉ፣ ያምፃሉ፣ እርስ በርሳቸውም ይጣላሉ። ኃይሌ ይህን ሥራ ለመጨረስ ዘጠኝ ዓመት ያህል ፈጀባቸው። ገንዘቡ ከአንድ ቦታ አልተገኘም፤ ከጋና፣ ከቡርኪና ፋሶና ከጀርመን የመጡ ተባባሪዎች ነበሩበት።

ፊልሙ በ1993 በበርሊን ፌስቲቫል ለውድድር ቀረበ፤ ይሁንና በአሜሪካ የሚያከፋፍለው ድርጅት አልተገኘም። በዚህ ጊዜ ኃይሌና ሺሪኪያና በዋሽንግተን ሲኒማ ቤት ተከራይተው በራሳቸው አሳዩት። ወሬው በየቤተ ክርስቲያኑ፣ በየትምህርት ቤቱ፣ በየፀጉር ቤቱ ተዳረሰ፤ ሰው ተሰለፈ፤ ፊልሙ አሥራ አንድ ሳምንት ያህል ታየ። ከዚያ በኋላ በሌሎች ከተሞች የሚኖሩ ሰዎች ኮሚቴ እያቋቋሙ፣ ገንዘብ እያዋጡ፣ አዳራሽ እየተከራዩ ወደየሠፈራቸው ወሰዱት። «ገበያ የለውም» የተባለው ተመልካች በሩ እስኪከፈትለት ይጠብቅ ኖሯል።

እዚህ ላይ የአከፋፋይነት ሥራ ከፊልም ሠሪነት የተለየ ተራ ንግድ ነው ብሎ የሚያስብ ሰው ሐሳቡን መለወጥ ይኖርበታል። በበሩ ላይ የቆመ ዳይሬክተር ተመልካቹን ፊት ለፊት ያየዋል። ማን እንደመጣ፣ ማን አቋርጦ እንደወጣ፣ ማን ዘመዱን ይዞ እንደተመለሰ ያውቃል። ይህን ዕውቀት የሽያጭ መዝገብ አይሰጠውም።

ከ«ሳንኮፋ» ገቢ የተገኘው ገንዘብ በሌላ ፊልም ላይ ብቻ አልዋለም። ባልና ሚስቱ በ1990ዎቹ መጨረሻ በዋሽንግተን ጆርጂያ ጎዳና ላይ፣ ከሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊት ለፊት፣ በዚያው በፊልሙ ስም የሚጠራ የመጻሕፍትና የቪዲዮ መደብር ከፈቱ፤ ቡና የሚጠጣበት፣ ደራስያን የሚነጋገሩበት፣ ፊልም የሚታይበት ቤት ሆነ። ባለቤትነት ግን ያለ ሸክም አይመጣም። የከተማው መሬት ዋጋ እየናረ ሲሄድ የሕንጻው ግብርም አብሮ ናረ። በ2019 የመደብሩ ወዳጆች ለከተማው ምክር ቤት አቤት ብለው የግብር እፎይታ ተገኘ። ቤቱን ያቆዩት እንግዲህ ባለቤቶቹ ብቻ አይደሉም፤ ሲያነቡበትና ሲወያዩበት የኖሩት ሰዎችም ናቸው።

የዓመታቱ ዋጋ

እስካሁን የተነገረው ትርፉ ነው። ኪሣራውን ሳያነሡ ማለፍ ለሙያ ማኅበር የሚገባ አይሆንም።

በ«ሳንኮፋ»ና በሚቀጥለው ረጅም ልብ ወለድ ፊልም፣ በ«ጤዛ»፣ መካከል አሥራ አምስት ዓመት አለ። በመካከሉ ዘጋቢ ፊልሞች ተሠርተዋል፤ ከእነዚህም በ1999 የወጣው «ዐድዋ» የ1888 ዓ.ም.ን ድል በሥዕል፣ በቀረርቶና በአረጋውያን ቃል የሚተርክ ነው። ያም ሆኖ «ጤዛ»ን ጽፎ ለሸራ ለማብቃት አሥራ አራት ዓመት ያህል ወሰደ። አሥራ አራት ዓመት የአንድ ሠሪ ዕድሜ ምን ያህሉ እንደሆነ ለዚህ ጉባኤ መንገር አያስፈልግም። ገንዘብ መፈለግ፣ ማስተማር፣ መደብር ማስተዳደር፣ የቆዩ ፊልሞችን ማከፋፈል ቀኑን ሲወስዱ፣ ለብዕሩ የሚተርፈው ሌሊቱ ነው። በእነዚያ ዓመታት ያልተጻፉትንና ያልተቀረጹትን ፊልሞች የሚቆጥር መዝገብ የለም።

ሌላም ጥያቄ አለ። ራሱ የጻፈውን፣ ራሱ የቀረጸውን ሰው ራሱ ሲቆርጠው፣ «ይህ ይብቃ» የሚለው ማን ነው? የሥራ ክፍፍል የተፈጠረው ለንግድ ብቻ አይደለም፤ የሌላ ሰው ዓይን የራስን ስሕተት ስለሚያይም ነው። ኃይሌ ይህን ያላወቁ አልነበሩም። በ«ጤዛ» ላይ የኤዲተርነቱን ሥራ ከሎረን ሃንኪን ጋር ተካፍለውታል፤ ሙዚቃውን ደግሞ ለጆርጋ መስፍንና ለቪጃይ አየር አደራ ብለዋል። ድርሻቸውን የያዙት ላለማካፈል አልነበረም ማለት ነው፤ ከማን ጋር እንደሚካፈሉ የመምረጥ መብታቸውን ላለመልቀቅ ነበር።

«ጤዛ» በጀርመን ተምሮ ወደ አገሩ የተመለሰውን የአንበርብርን ታሪክ ይተርካል። ሕክምና ያጠና ምሁር ነው፤ የአብዮቱን ተስፋ፣ የደርግን ሽብር፣ በአውሮፓም የዘረኞችን ዱላ አይቷል፤ አንድ እግሩን አጥቶ ወደ እናቱ መንደር ይመለሳል። የተማረው ሁሉ ለመንደሩ ምን እንደሚጠቅም አያውቅም። የዚያ ትውልድ ሰው ይህን ፊልም ሲያይ ዝም የሚልበት ምክንያት ግልጽ ነው። ፊልሙ በ2008 በቬኒስ የዳኞች ልዩ ሽልማትንና የምርጥ የፊልም ድርሰት ሽልማትን፣ በዚያው ዓመት በካርቴጅ ከፍተኛውን ሽልማት፣ በ2009 ደግሞ በዋጋዱጉ የየኔንጋን የወርቅ ፈረስ አገኘ። ታሪኩ ያን ያህል ሊዘገይ ባልተገባው ነበር፤ ግን የመጣው ሳይሸረፍ ነው።

የተከፋፈለው ውርስ

አንድ የሥራ ድርሻ ገና አልተነሣም፤ እርሱም መምህርነት ነው። ኃይሌ በሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ከአርባ ዓመት በላይ አስተምረዋል። ደመወዙ ቤተሰቡን ያስተዳደረ፣ ፊልሞቹንም ከገበያ ፈቃድ ነፃ ያደረገ መሆኑ አይካድም። ውጤቱን የሚያሳዩት ግን ተማሪዎቹ ናቸው። በዚያ ክፍል ካለፉት መካከል አርተር ጃፋ «የአቧራ ሴቶች ልጆች» በተሰኘው የጁሊ ዳሽ ፊልም ላይ በ1991 ካሜራ የያዘ ነው፤ ብራድፎርድ ያንግ ደግሞ በ2016 በወጣ የሆሊውድ ፊልም የካሜራ ሥራው ለኦስካር ታጭቷል። ሁለቱም ስም ያወጡት በካሜራ ነው፤ የጥቁርን ሰው ፊት በብርሃን እንዴት ማሳየት እንደሚገባ በሥራቸው አዲስ ነገር አምጥተዋል። የኃይሌና የሺሪኪያና ልጅ መራዊ ገሪማም በ2020 የመጀመሪያውን ረጅም ፊልሙን በቬኒስ አሳይቷል። አንዱ ሰው በአንድነት ይዞት የነበረው ሥራ በልጆቹና በተማሪዎቹ እጅ ተከፋፈለ።

የባለቤትነቱ ፍሬም ዘግይቶ ታየ። «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» በ2006 በቦሎኛ የፊልም ቤተ መዛግብት ታድሶ እንደገና ለዓለም ቀረበ። «ሳንኮፋ»ም በ2021 ታድሶ በአቫ ዱቨርኔ ድርጅት አማካይነት በኔትፍሊክስ ተሠራጨ፤ በዚያው ወር የአሜሪካ የፊልም አካዳሚ ቤተ መዘክር ለኃይሌ ልዩ ሽልማት ሰጠ። ሃያ ስምንት ዓመት ቀደም ብሎ አከፋፋይ ያጣ ፊልም ማለት ነው። ሠሪዎቹ በችግር ጊዜ መብቱን ለመጣው ሁሉ ሸጠውት ቢሆን ኖሮ፣ በዚያች ቀን በሩን ሊያንኳኳ የመጣው ሰው ማንን እንደሚያነጋግር አያውቅም ነበር።

የተከበራችሁ የማኅበሩ አባላት፣

ከዚህ የሥራ ዘመን ወጣቱ ሠሪ ምን ይውሰድ? «አንተም ጻፍ፣ አዘጋጅ፣ ቁረጥ፣ አከፋፍል፣ ሱቅ ክፈት፣ አስተምር» ብሎ መምከር ጭካኔ ይሆናል። ኃይሌ ገሪማ ይህን ሁሉ የተሸከሙት ሸክሙን የሚጋራ ተቋም ስላልነበረ ነው፤ ዋጋውንም በዓመታት ከፍለዋል። ሊወረስ የሚገባው የሸክሙ ብዛት አይደለም። የፊልሙ ቅጂ የት እንደተቀመጠ ማወቅ፣ ውሉን ከመፈረም በፊት ማንበብ፣ ያልተጠበቀው እውነት በመቁረጫው ጠረጴዛ ላይ እንዳይወድቅ መጠበቅ፣ ተመልካቹን በበሩ ላይ ቆሞ ማየት ነው ሊወረስ የሚገባው።

እነዚህ ነገሮች አንድ ሰው ለብቻው ሊያደርጋቸው አሥራ አራት ዓመት ይፈጁ ይሆናል። የሙያ ማኅበር የሚቋቋመው ግን አንዱ ውሉን የሚያነብለት፣ ሌላው ቅጂውን የሚያስቀምጥለት፣ ሦስተኛው አዳራሹን የሚከራይለት ሰው እንዲያገኝ ነው። በሎስ አንጀለስ ሥራውን የጀመሩት ወጣቶች አንዱ ካሜራ ሲይዝ ሌላው መብራት ይሸከም እንደነበረ ቀደም ሲል ተነግሯል። ከዚያ ልማድ የወጣው ሰው በኋላ ለብቻው ብዙ እንዲሸከም ተገደደ። የዚህ ማኅበር ወጣት አባል የመጀመሪያ ፊልሙን ይዞ ሲመጣ በቅድሚያ የሚጠየቀው «ገበያ አለው ወይ?» የሚለው ከሆነ ታሪኩ በእርሱም ላይ ይደገማል። «ማን ይርዳህ?» ተብሎ የተጠየቀ እንደሆነ ግን ሌላ ታሪክ ሊጀመር ይችላል።